መጥሪያ ያልደረሰው ሰው ለመደመጥ ይክፈል? የፔራልታ ጉዳይና የወጪና ኪሳራ ፍቅድ ሥልጣን

ቦታው ቴክሳስ፣ ሂዩስተን ነው። በፌብሩዋሪ 1982 (የውጭ አገር ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው) ሃይትስ ሆስፒታል በሚል የንግድ ስም የሚሠራው ሃይትስ ሜዲካል ሴንተር ፔራልታ በሚባል አሠሪ ላይ የገንዘብ ክስ አቀረበ። የተጠየቀው 5,600 ዶላር ገደማ ነበር። ዕዳው የፔራልታ የራሱ አይደለም። ከሠራተኞቹ አንዱ ለሆስፒታሉ መክፈል ያለበትን ሳይከፍል ቀርቶ፣ አሠሪው ዋስ ሆኖለታል በሚል ነው የተከሰሰው። በየትኛውም ከተማ በየቀኑ የሚከፈት ዓይነት መዝገብ ነው።

መጥሪያ ወጣ። አድራሹም ለተከሳሹ በእጁ መስጠቱን የሚገልጽ ማረጋገጫ ለፍርድ ቤቱ መለሰ። ማረጋገጫው ግን ጉድለቱን በላዩ ላይ ይዞ ነበር። መጥሪያው ደረሰ የተባለበት ቀን የቴክሳስ ደንብ ለማድረሻ ከሰጠው የ90 ቀን ጊዜ ያለፈ ነው። ይህ ፍርዱን አላስቆመውም። ተከሳሹ መልስ አላቀረበም፣ አልቀረበምም፤ ጁላይ 20 ቀን 1982 በሌለበት ተፈረደበት። የተጠየቀውን ገንዘብ፣ በዚያ ላይ የጠበቃ አበልና የክስ ወጪ እንዲከፍል ታዘዘ። ስለዚህ ወጪና ኪሳራ በዚህ ታሪክ ውስጥ የገባው ገና ከመጀመሪያው ነው፤ ያልተሰማው ሰው እሱን ሳይሰሙ ለመፍረድ የወጣውን ገንዘብ ጭምር እንዲከፍል ተወስኖበታል።

በፔራልታ አቤቱታ መሠረት ከዚያ በኋላ የሆነው ሁሉ የሆነው እሱ ሳያውቅ ነው። ፍርዱ በካውንቲው የማይንቀሳቀስ ንብረት መዝገብ ላይ ሰፈረና መሬቱ በዕዳ ተያዘ። የማስያዣ ትዕዛዝ ወጣ። ንብረቱ በኮንስታብል ሐራጅ ተሸጠ፤ ያውም ከእውነተኛ ዋጋው በእጅጉ ባነሰ ገንዘብ። በጁን 1984 ፍርዱ ይነሳልኝ ብሎ ቀረበ። ያነሳቸው ነጥቦች ሁለት ናቸው፦ አንደኛ፣ መጥሪያው በጊዜው እንዳልደረሰ ማረጋገጫው ራሱ ይመሰክራል፤ ሁለተኛ፣ በእውነቱ ከሆነ መጥሪያው በእጄ ጭራሽ አልተሰጠኝም። ፍርዱ እንዲሻር፣ ከንብረት መዝገቡ እንዲሰረዝ፣ ሐራጁ እንዲፈርስ፣ ከሆስፒታሉና ከገዢው ካሣ እንዲከፈለው ጠየቀ።

በቴክሳስ ሥርዓት በሌለበት የተፈረደበት ሰው ፍርዱ በተሰጠ በ30 ቀን ውስጥ ጉዳዩ እንደ አዲስ እንዲታይ ማመልከት ይችላል። ያ ጊዜ ካለፈ የሚቀረው በ4 ዓመት ውስጥ የሚቀርብ ራሱን የቻለ የፍርድ ማስመርመሪያ ክስ ነው፤ ፔራልታም የሄደው በዚህ መንገድ ነው። ለዚህ ክስ የግዛቲቱ ፍርድ ቤቶች ሦስት ነገር ይጠይቁ ነበር፦ ሊያዋጣ የሚችል መከላከያ መኖሩ፣ መከላከያውን እንዳያቀርብ ያገደው የተቃራኒ ወገን ማታለል፣ ስህተት ወይም ድንገተኛ ነገር መሆኑ፣ በራሱ በኩልም ጥፋት ወይም ቸልተኝነት አለመኖሩ።

ሆስፒታሉ የያዘው ክርክር አጭር ነው፦ መጥሪያው ጉድለት ቢኖርበትም ባይኖርበትም፣ ሰውየው የሚያዋጣ መከላከያ የለውም። ፔራልታም በዋስትናው ዕዳ ላይ መከላከያ እንደሌለው አምኗል። የሂዩስተኑ ይግባኝ ሰሚ ፍርድ ቤት በዚሁ ለሆስፒታሉ ፈረደ፤ ጉዳዩ እንደገና ቢታይም ያው ይፈረድበታልና የተጎዳው ነገር የለም የሚል ነው ምክንያቱ። የቴክሳስ ጠቅላይ ፍርድ ቤትም ይህን ውሳኔ አልለወጠውም።

እኔ ይህን ጉዳይ የምወደው በዚህ እምነት ምክንያት ነው። ባለጉዳዩ የዋህ ተበዳይ መስሎ አልቀረበም። ዕዳ የለብኝም አላለም። በመጥሪያ ክርክር ብዙ ጊዜ የምንሰማው «ዕዳም የለብኝ፣ መጥሪያም አልደረሰኝ» የሚለውን ስለሆነ ሁለቱ ጥያቄዎች ይደባለቁብናል። እዚህ ግን ዕዳው ከመንገድ ተነስቶ አንድ ጥያቄ ብቻ ቀረ፦ መከላከያ የሌለው ሰው የመጠራት መብት አለው ወይ?

የዋሽንግተኑ መልስ

የአሜሪካ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ፌብሩዋሪ 24 ቀን 1988 ውሳኔውን ሰጠ። የጻፉት ዳኛ ባይረን ዋይት ናቸው፤ በጉዳዩ የተሳተፉት ዳኞች ሁሉ ተስማሙ፣ በዚያው ወር ሥራ የጀመሩት ዳኛ አንቶኒ ኬኔዲ ብቻ አልተሳተፉም። የቴክሳሱ ውሳኔ ተሻረ።

ምክንያታቸው መሬት የነካ ነው። ፔራልታ ክሱን በጊዜው ቢያውቅ ኖሮ ምን ሊያደርግ ይችል ነበር ብለው ጠየቁ። ዋናውን ባለዕዳ፣ ያን ሠራተኛውን፣ ወደ ክርክሩ ሊያስገባ ይችል ነበር። ከሆስፒታሉ ጋር ሊስማማ ይችል ነበር። ዕዳውን ከፍሎ ሊገላገል ይችል ነበር። ገንዘብ ባይኖረው እንኳ መሬቱን ራሱ ገበያ አውጥቶ በደህና ዋጋ ሸጦ ሊከፍል ይችል ነበር፤ በሐራጅ ከሚረክስበት ይህ እንደሚሻለው ግልጽ ነው። «ያው ይፈረድበት ነበር» የሚለው አነጋገር እነዚህን ሁሉ ይሰርዛቸዋል። ፍርዱ በንብረት መዝገብ ላይ መስፈሩ ብቻውን መሬቱን ለመሸጥም ሆነ ለማስያዝ እንቅፋት ይሆናልና፣ ጉዳት የለም የሚለው አላሳመናቸውም።

ከ1915 ጀምሮ የቆየውን የራሱን የፍርድ ቤቱን አቋምም አስታወሱ፦ የፍትሕ ሥርዓት መጀመሪያ የሆነውን ነገር በመጣስ ንብረቱ ለተወሰደበት ሰው፣ ሥርዓቱ ቢጠበቅም ውጤቱ ያው ነበር ብሎ መመለስ መልስ አይሆንም። በ1965 በተወሰነ ሌላ የቴክሳስ ጉዳይ ላይም እንደተባለው፣ መድኃኒቱ ባለጉዳዩን መጥሪያው በአግባቡ ቢደርሰው ኖሮ ወደሚገኝበት ቦታ መመለስ ነው፤ የተደረገው ሁሉ ተጠርጎ ከመነሻው መጀመር።

ይህ የመጨረሻ ሐሳብ ነው ወደ ወጪና ኪሳራ የሚወስደን። የፔራልታ ውሳኔ ተከሳሹ በሩ እንዲከፈትለት ኪሳራ ይክፈል ወይስ አይክፈል ብሎ በቀጥታ አልወሰነም፤ ያ ጥያቄ አልቀረበለትም። ነገር ግን ግቡ ሰውየውን መጥሪያ ቢደርሰው ወደሚኖርበት ቦታ መመለስ ከሆነ፣ ስሌቱ ከባድ አይደለም። መጥሪያ ቢደርሰው ኖሮ ፍርድ ቤት ገብቶ ለመከራከር ለተቃራኒ ወገን የሚከፍለው አንድም ሳንቲም አልነበረም። አሁን ክፈል ከተባለ ወደዚያ ቦታ አልተመለሰም።

ቴክሳስ ስለ ወጪው ምን ትል ነበር?

የቴክሳስ የቆየ መለኪያ በ1939 ክራዶክ በተባለው ጉዳይ የተቀመጠው ነው። ጉዳዩ እንደ አዲስ እንዲታይለት የሚያመለክት ተከሳሽ መቅረቱ ሆን ብሎ ወይም ደንታ ቢስ ሆኖ ሳይሆን በስህተት ወይም ባልታሰበ ነገር መሆኑን ያሳያል፤ ሊያዋጣ የሚችል መከላከያ ያመለክታል፤ ጉዳዩ እንደገና መከፈቱ ከሳሹን የሚያዘገይ ወይም የሚጎዳ አለመሆኑንም ያሳያል። ወጪና ኪሳራ የገባው በዚህ በሦስተኛው በኩል ነው። ተከሳሹ «ከሳሹ በሌለሁበት ፍርድ ለማግኘት ያወጣውን እከፍላለሁ፣ ለክርክርም ዝግጁ ነኝ» ካለ፣ ከሳሹ ተጎዳሁ የሚልበት መሠረት ይሳሳል። እየቆየ ግን አንዳንድ ፍርድ ቤቶች ይህን ቃል የግድ አደረጉት፤ በማመልከቻው ላይ «እከፍላለሁ» የሚል ካልተጻፈ በቃ፣ ውድቅ።

የግዛቲቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ1986 አንጀሎ በተባለው ጉዳይ ይህን አስተካከለ። ወጪ ለመክፈል ፈቃደኛ መሆንና ለክርክር መዘጋጀት ዳኛው ትልቅ ክብደት ሊሰጣቸው የሚገቡ ነገሮች ናቸው፤ ነገር ግን እነሱ ከሌሉ በሩ ጨርሶ አይከፈትም የሚያሰኙ ቅድመ ሁኔታዎች አይደሉም አለ። ፍቅድ ሥልጣን ማለትም ይህ ነው፤ ዳኛው የመዝገቡን ሁኔታ አይቶ ይመዝናል እንጂ ቃሉ ተጽፏል ወይስ አልተጻፈም ብሎ አይቆጥርም።

ከፔራልታ በኋላ ደግሞ በዚያው በ1988 የቴክሳስ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሎፔዝ በተባለው ጉዳይ፣ የክርክሩ ቀጠሮ ያልተነገረው ሰው ሊያዋጣ የሚችል መከላከያ አሳይ ሊባል አይገባም ሲል ወሰነ። በ2004 ደግሞ ካልድዌል በተባለው ጉዳይ፣ መጥሪያ ያልደረሰው ሰው በማስመርመሪያ ክሱ ማስረዳት ያለበት አለመድረሱን ብቻ መሆኑን አጸና። ልዩነቱ በዚህ ፈር ያዘ፦ ተጠርቶ የቀረ በክራዶክ መለኪያ ይመዘናል፣ ወጪውም ከመለኪያው አንዱ ነው፤ ያልተጠራ ግን ከዚያ ሚዛን ውጪ ነው።

በነገራችን ላይ ይህን የሚያነቡ በዳላስና በሂዩስተን የሚኖሩ ወገኖች አንድ ነገር ይያዙልኝ። በቴክሳስ የዲስትሪክትና የካውንቲ ፍርድ ቤቶች ክስ ሲደርስ መልስ የሚቀርበው 20 ቀን ካለፈ በኋላ በሚመጣው ሰኞ እስከ ጠዋቱ 4 ሰዓት (እዚያ በሚቆጠረው 10 ሰዓት) ነው። ያ ሰኞ ሲያልፍ በሌሉበት ለመፈረድ በሩ ይከፈታል። የተጻፈውን ወረቀት መሳቢያ ውስጥ ከትቶ መርሳት ከፔራልታ ጎራ ሳይሆን ከክራዶክ ጎራ ያስቆማል።

ኪሳራ እንደ ትዕዛዝና ኪሳራ እንደ መቀርቀሪያ

ዳኛ ፍርዱን ሲያነሳ ወጪን በሁለት መንገድ ሊያዝ ይችላል። አንደኛው «ፍርዱ ተነስቷል፤ ተከሳሹ ለከሳሹ ይህን ያህል ይክፈል» የሚል ነው። ተከሳሹ ባይከፍል ከሳሹ በአፈጻጸም ይጠይቀዋል፣ ክርክሩ ግን ይቀጥላል። ሁለተኛው «በዚህ ቀን ውስጥ ይህን ያህል ከከፈለ ፍርዱ ይነሳል፤ ካልከፈለ ይጸናል» የሚል ነው። ወረቀት ላይ ሲነበቡ የተቀራረቡ ይመስላሉ። በሁለተኛው ግን ገንዘብ የሌለው ሰው ያጣው ገንዘብ ብቻ አይደለም፣ የመደመጥ ዕድሉንም ነው። እውነተኛ መከላከያ እያለው በኪሱ ምክንያት ይረታል።

የካሊፎርኒያ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 473 ይህን ልዩነት በግልጽ አስቀምጦታል። ተከሳሹ የቀረው በጠበቃው ጥፋት ከሆነና ጠበቃው ጥፋቱን በቃለ መሐላ ካመነ፣ ፍርዱ ይነሳል፤ ጠበቃው ለተቃራኒ ወገን ተገቢውን የሕግ ወጪ እንዲከፍል ይታዘዛል፣ ከ1,000 ዶላር ያልበለጠ ቅጣትም ሊጣልበት ይችላል። የፍርዱ መነሳት ግን ጠበቃው በመክፈሉ ላይ እንዲንጠለጠል ሕጉ አይፈቅድም። ጥፋተኛው ይከፍላል፤ ደንበኛው ግን የጠበቃው ኪስ እስኪፈታ ደጅ አይጠናም። እንደ እኔ ግምት በዚህ ጉዳይ ካነበብኳቸው ሕጎች በደንብ የታሰበበት ይህ ነው።

የህንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት በ2002 በሰጠው አንድ ውሳኔም የቅድመ ሁኔታውን ጣሪያ አሳይቷል። ተከሳሹ በሌለበት የተካሄደው እንዲከፈትለት ሲያመለክት የሚጣልበት ሁኔታ ባያመለክት ኖሮ ከሚሆንበት የባሰ ቦታ ላይ ሊጥለው አይገባም፤ ሁኔታው በተዘዋዋሪ ክሱን እንደመወሰን የሚቆጠር መሆንም የለበትም። ክሱ የኪራይ ገንዘብ ሆኖ፣ ዳኛው «የተጠየቀውን ኪራይ በሙሉ አስይዝና ተከራከር» ቢል፣ ክርክሩ ሳይጀመር ተፈጽሟል ማለት ነው።

የህንዱን ያነሳሁት በከንቱ አይደለም። የእኛ የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ብዙ ድንጋጌዎቹን ከ1908ቱ የህንድ ሕግ የወሰደ ነው፤ ይህ ክፍልም ከእነዚያ አንዱ ነው።

ቁጥር 78 እና የፔራልታ ሚዛን

ቁጥር 78 በሌለበት የተፈረደበት ወገን ፍርዱን ካወቀበት ቀን አንስቶ በአንድ ወር ውስጥ ለፈረደው ፍርድ ቤት እንዲያመለክት ይፈቅዳል። ምክንያቶቹ ሁለት ናቸው። መጥሪያው በአግባቡ አልደረሰኝም፤ ወይም መጥሪያው ቢደርሰኝም በበቂ ምክንያት መቅረብ አልቻልኩም። ከሁለቱ አንዱን ካስረዳ ፍርድ ቤቱ ፍርዱን ያነሳለታል፤ በዚህ ጊዜ ስለ ወጪና ኪሳራ፣ በፍርድ ቤት ገንዘብ ስለማስያዝ ወይም ስለ ሌላ ነገር ተገቢ መስሎ የታየውን ሁኔታ ሊያዝ ይችላል። ቁጥር 462ም ወጪና ኪሳራን በጠቅላላው ለፍርድ ቤቱ ፍቅድ ሥልጣን ትቶታል።

ችግሩ ያለው እዚህ ላይ ነው። ሁለቱ ምክንያቶች በአንድ ዓረፍተ ነገር ውስጥ ገብተው አንድ የወጪ ሥልጣን ይከተላቸዋል። ቃሉን እንዳለ ያነበበ ዳኛ መጥሪያ ላልደረሰው ሰውም፣ ታሞ ወይም መንገድ ተዘግቶበት ለቀረ ሰውም እኩል «ኪሳራ ከፍለህ ግባ» ማለት የሚችል ይመስለዋል። ሥልጣኑ በጽሑፍ ደረጃ አለው። ሊጠቀምበት ይገባል ወይ የሚለው ነው ሌላው ጥያቄ፤ የእኔ መልስ አይገባም የሚል ነው።

እንግሊዞች ይህን ልዩነት ገና በ1888 ይዘውታል። አንላቢ በተባለው ጉዳይ ከሳሹ የመከላከያ መልስ ጊዜ ሳያልቅ በሌለበት ፍርድ አስመዘገበ። የይግባኝ ፍርድ ቤቱ እንዲህ ያለው ከሥርዓት ውጪ የተገኘ ፍርድ የሚነሳው ተከሳሹ መብቱ ስለሆነ ነው፤ በሥርዓቱ የተገኘ ፍርድ ሲሆን ግን መነሳቱ በፍቅድ ሥልጣን ነውና ሁኔታ ሊጣልበት ይችላል የሚል መሠረት አስቀመጠ። መብት ሆኖ የሚሰጥ ነገር በዋጋ አይሸጥም። የቁጥር 78 የወጪ ሥልጣንም በዚህ ዓይን ቢነበብ ከቃሉ ጋር አይጣላም፤ «ተገቢ መስሎ የታየውን» ይላልና፣ መጥሪያ ባልደረሰ ጊዜ ተገቢው ሁኔታ ምንም አለመጣል ሊሆን ይችላል። ፍትሕ የማግኘት መብትን የሚደነግገው የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 37ም ወደዚያው ይገፋል።

ከዚህ ተቃራኒ የሚነሳ ጠንካራ ክርክር አለ፤ በቀላሉ የሚታለፍም አይደለም። ከሳሹስ ምን አጠፋ? መጥሪያ አውጥቷል፣ አድራሹ አድርሻለሁ ብሎ ምሏል፣ ከሳሹ ያንን አምኖ ምስክር አቁሟል፣ ለአፈጻጸም ገንዘብ አውጥቷል። አድራሹ ዋሽቶ ከሆነ ለምን ከሳሹ ይቀጣ? እውነት ነው፣ ሁለት ንጹሐን ሰዎች በአንድ ሌላ ሰው ጥፋት የሚጋጩበት ጊዜ አለ። ለዚህ መውጫው ከሳሹን አሁን ማስከፈልም ተከሳሹን አሁን ማስከፈልም አይደለም፤ የባከነውን ወጪ ከዋናው ጉዳይ ውጤት ጋር እንዲታይ ማቆየት ነው። ፔራልታን ውሰዱ። ዕዳውን አምኗል፤ መዝገቡ ተመልሶ ቢታይ ምናልባት ይረታ ነበር። ቢረታ እንደ ማንኛውም ተረቺ ወጪ ይከፍላል፤ ያኔ ግን የሚከፍለው ተሰምቶ በመረታቱ ነው። ለመሰማት አስቀድሞ ከመክፈል ጋር ይህ በምንም አይገናኝም።

ደግሞ ሁሉም ከሳሽ ንጹሕ አይደለም። በፔራልታ መዝገብ ላይ የመጥሪያው መዘግየት በማረጋገጫው ላይ ተጽፎ የሚነበብ ነበር፤ ፍርድ የጠየቀ ወገን ያንን ወረቀት የማንበብ ግዴታ አለበት። እኛም ዘንድ ተከሳሹ ውጭ አገር እንደሚኖር፣ ስልኩንም የዘመዱንም ቤት እያወቀ «አድራሻው አይታወቅም» ብሎ በቃለ መሐላ መጥሪያውን በጋዜጣ የሚያስነግር ከሳሽ አለ። ዋሽንግተን ወይም ዱባይ ያለ ሰው አዲስ ዘመን ላይ የወጣ ማስታወቂያ አያይም፤ ቤቱ ለሐራጅ ሲቀርብ ነው ከጎረቤት የሚሰማው። እንዲህ ያለው ሲረጋገጥ ወጪው በከሳሹ ላይ መወሰን አለበት፤ ተከሳሹ ፍርዱን ለማስነሳት ያወጣው፣ ውክልና ለመላክ የከፈለው፣ ጠበቃ ያቆመበት ጭምር።

ተጠርቶ የቀረው ተከሳሽ ዘንድ ስንመጣ ነገሩ ይገለበጣል። በቂ ምክንያት ነበረው ቢባልም፣ ከሳሹ ቀጠሮውን አክብሮ መጥቷል። ያ ወጪ ሊመለስለት ይገባል፤ ዳኛው «ወጪና ኪሳራ ግራ ቀኙ ይቻቻሉ» ብሎ ሲያልፈው ከሳሹን የሚጎዳ ልማድ ነው። ያለ ምክንያት የሚጻፍ ዓረፍተ ነገር ስለሆነ ቅር ይለኛል። ይሁንና የሚመለሰው የባከነው ብቻ ነው። የዳኝነት ገንዘቡ አልባከነም፤ ክሱ በዚያው ይቀጥላልና። የክስ ማመልከቻ ዝግጅቱም አልባከነም። የባከነው በሌለበት የተሰሙት ምስክሮች እንደገና ሲመጡ የሚወጣው የመጓጓዣና የውሎ አበል፣ ለዚያ ቀጠሮ የተከፈለው የጠበቃ አበል፣ አፈጻጸም ተጀምሮ ከነበረ የንብረት ግምቱና የሐራጅ ማስታወቂያው ወጪ ነው። ይህ ተዘርዝሮ ሲቀርብ መጠኑ ብዙ ጊዜ ከሚፈራው ያነሰ ይሆናል። በጅምላ «10,000 ብር ይክፈል» ሲባል ግን ካሣ ይሁን ቅጣት አይለይም፤ ይግባኝ ሰሚውም የሚመረምርበት መሠረት አይኖረውም።

ከዚህ የሚከተለው ለማመልከቻ አዘጋጆች ሥራ ነው። ብዙ የቁጥር 78 ማመልከቻዎች «መጥሪያ አልደረሰኝም፤ ደርሶኝ ቢሆንም በበቂ ምክንያት ነው የቀረሁት» እያሉ ሁለቱን በአንድ ትንፋሽ ያቀርባሉ። ይህ አጻጻፍ ሁለተኛውን ምክንያት ሲያጠናክር የመጀመሪያውን ያዳክማል፤ ዳኛውም የትኛውን እንደተቀበለ ሳይገልጽ ፍርዱን አንስቶ ኪሳራ እንዲጥል መንገድ ይከፍታል። መጥሪያው ካልደረሰ ያንን ብቻ በግንባር አስቀምጡ፤ ማረጋገጫው ላይ ያለውን ቀን፣ ፊርማ፣ የተቀባይ ስም ከእውነተኛው አድራሻ ጋር አነጻጽራችሁ አሳዩ። በዳኝነት መጠየቂያው ላይም ፍርዱ ያለ ወጪና ኪሳራ ሁኔታ እንዲነሳ፣ ፍርድ ቤቱ የተቀበለውን ምክንያት በትዕዛዙ ላይ ለይቶ እንዲያሰፍር፣ የከሳሹ የወጪ ጥያቄም ከዋናው ውሳኔ ጋር እንዲታይ በየራሳቸው ተራ ቁጥር ጠይቁ። ከሳሽ የሆነ ወገን ደግሞ ማመልከቻው ሲደርሰው ከመልሱ ጋር የባከነውን ወጪ በደረሰኝ ዘርዝሮ ያያይዝ፤ ኪሳራው ለፍርዱ መነሳት ቅድመ ሁኔታ እንዲሆን የሚፈልግ ከሆነም ለምን እንደሚፈልግ፣ ለምሳሌ ተከሳሹ ንብረቱን እያሸሸ ስለመሆኑ ያለውን ማስረጃ፣ በዚያው መልስ ላይ ያቅርብ።